ጥላሸት የተቀቡ ብረቶች

ዳባት ያሉት አክስቴ ማድ ቤት ውስጥ ሁለት ብረቶች አሉ። አንደኛው ድስት የሚጣድበት፣ በዓል ሲሆን ደግሞ ስጋ የሚዘረጋበት ፍርግርግ ነው። ወፍራም፣ ከባድ፣ ብቻውን የሚያነሳውን ሰው "እህህ" የሚያሰኝ። ሁለተኛው የቡና መቁያ ብረት ምጣድ ነው። ስስ ነው፤ ጠርዙ ትንሽ ተንጋዷል፤ ጀርባውን ብትዳብሱት የመዶሻው ምት ጎድጎድ እያለ በጣት ይቆጠራል።

ስለ ፍርግርጉ ሲጠየቁ የአክስቴ ፊት ይፈካል። "የጣሊያን ነው!" ይላሉ። ጣሊያን ሊማሊሞ ላይ እጁን የሰጠ ጊዜ አባታቸው ከሰፈሩ ተሸክመው ያመጡት ነው፤ ታሪኩን ቤተሰቡ በሙሉ በቃሉ ይዞታል። ስለ ምጣዱ ስትጠይቋቸው ግን ድምፃቸው ዝቅ ይላል። "እሱማ... የነዚያ ሰዎች እጅ ነው።" ከዚያ ወሬ ይቀየራል።

እነዚያ ሰዎች እነማን እንደሆኑ እስኪገባኝ ዩኒቨርሲቲ ገብቼ መውጣት ነበረብኝ። (ጋዜጠኝነት ተምረሽ ይሄን እንኳ አታውቂም ነበር ወይ የምትሉኝ፣ አዎ፣ አላውቅም ነበር።) የዛሬው ጽሑፌ የነዚህ ሁለት ብረቶች ታሪክ ነው። ስለ እቃ አጠባም አወራለሁ፤ ታሪኩን ያገኘሁት እቃ ሳጥብ ነውና። ደግሞም በዚያ እጥበት ልሞት ነበር።

ነገሩ እንዲህ ነው። ነሐሴ 2013 ዓ.ም. ጦርነቱ ወደ ዳባትና ደባርቅ ሲቃረብ አክስቴ ቤቱን ቆልፈው ጎንደር ገቡ። በዚያው ዳባት ወረዳ፣ ጭና ላይ ብዙ ሰላማዊ ሰዎች የተገደሉበት ወቅት ነው። ተመልሰው ሲመጡ ቤቱ ቆሟል፤ የማድ ቤቱ ክዳን ግን ተገልጦ ዝናቡ በሙሉ ገብቶበታል። ሁለቱ ብረቶች ላይ ድሮውንም የዓመታት ስብና ጥላሸት ተጋግሮባቸው ነበር፤ አሁን ዝገት ተጨመረበት። አክስቴ የሚያስቡት ብዙ ሌላ ነገር ነበራቸውና ጥግ ላይ ጣሏቸው። ዓምና ለጥምቀት ስሄድ ያገኘኋቸው እዚያው ጥግ ነው።

"እኔ አጸዳቸዋለሁ" አልኩ። ከአዲስ አበባ የመጣ ሰው እንግዲህ እንዲህ ነው፤ ሙያው ባይኖረውም ሱቅ አያጣም። አስፋልቱ ዳር ካለ ሱቅ በረኪና ገዛሁ፤ አቼቶም ገዛሁ። በረኪና ቆሻሻ ያነሳል፣ አቼቶ ዝገት ያስለቅቃል፣ ሁለቱ ሲደመሩ ደግሞ... ሒሳቤ ይሄ ነበር። የጥር ማለዳ ዳባት ላይ አጥንት ስለሚሰብር የማድ ቤቱን በር ዘጋሁ። ፍርግርጉን ሳፋ ውስጥ አጋደምኩና ሁለቱንም ገለበጥኩበት።

ከዚያ በኋላ ያለውን በቅጡ አላስታውሰውም። የመዋኛ ገንዳ ሽታ ታውቃላችሁ አይደል? እሱ ሽታ አሥር ጊዜ ተባዝቶ ፊቴ ላይ ወጣ። ዓይኔ ተቃጠለ፤ ጉሮሮዬ ተዘጋ፤ ሳሉ አላቆም አለኝ። አክስቴ በሩን በርግደው ገብተው በነጠላዬ ጎትተው አወጡኝ። ግቢው መሐል ተንበርክኬ ስስል ዶሮዎቹ ሳይቀሩ ቆመው ያዩኝ ነበር።

በረኪናና አሲድነት ያለው ነገር (አቼቶ፣ ሎሚ፣ አንዳንዱ የሽንት ቤት ማጽጃ) ሲገናኙ ክሎሪን ጋዝ ይወጣል። በአንደኛው የዓለም ጦርነት፣ እ.ኤ.አ. ሚያዝያ 1915፣ ቤልጂየም ኢፕር አጠገብ ጀርመኖች በጠላት ምሽግ ላይ የለቀቁት ጋዝ ነው። እኔ በገዛ እጄ በአክስቴ ማድ ቤት ለቀቅኩት። በረኪናን አሞኒያ ካለበት ማጽጃ ጋር መቀላቀልም ሌላ መርዛማ ጋዝ ያወጣል። በአጭሩ በረኪናን ከውሃ በቀር ከማንም ጋር አታጋቡት። የሚያስቀው ደግሞ በረኪና ለብረት ጭራሽ አይበጅም፤ ዝገቱን ያባብሰዋል።

አክስቴ መትረፌን ካዩ በኋላ ሳቁብኝ። "ልጄ፣ ብረት በመርዝ ይታጠባል እንዴ?" አሉና አመድ ሊያመጡ ገቡ።

አመዱን በወንፊት ነፉት፤ ከሰሉና ጠጠሩ ቀረ። ለብ ባለ ውሃ እንደ ጭቃ ለወሱት። ፍርግርጉን ደጅ አውጥተው በዚያ ጭቃ መረጉትና እርጥብ ጆንያ አለበሱት። ከዚያ ተቀምጠን ቡና ጠጣን፤ በጎረቤት ምጣድ የተቆላ ቡና። በረካው ሲያልቅ ጆንያውን ገለጡ፤ በጆንያው ቁራጭ መፈተግ ጀመሩ። ያ ድንጋይ የመሰለ ስብ እንደ ቁስል ቅርፊት መነሳት ጀመረ። በአንድ ቀን አላለቀም። ሦስት ቀን መረግን፣ ሦስት ቀን ፈተግን።

ይሄ "የባላገር ዘዴ" ተብሎ የሚናቅ አይደለም። የእንጨት አመድ ውስጥ ፖታሲየም ካርቦኔት አለ፤ ውሃ ሲነካው ስብን ከያዘበት ያላቅቃል፣ ከፊሉንም ወደ ሳሙናነት ይለውጠዋል። እንዲያውም ፖታሲየም የሚለው ስም ራሱ ከማድ ቤት የወጣ ነው፤ በእንግሊዝኛ "የድስት አመድ" ማለት ከሆነው ፖታሽ። እንግሊዛዊው ሃምፍሪ ዴቪ እ.ኤ.አ. በ1807 ንጥረ ነገሩን ለብቻው ሲያወጣው ስሙን ከዚያ ወሰደ። በረኪናስ? ቃሉን የተውልን ጣሊያኖች ናቸው፤ እነሱ ቫሬኪና ይሉታል። እነሱ ደግሞ ቫሬክ ከሚለው የፈረንሳዮች ቃል ወስደውታል፤ የባሕር አረም ማለት ነው፤ አመዱ ሶዳ ይወጣበት የነበረ አረም። ስለዚህ ያ ሊገድለኝ የነበረው ጠርሙስ እንኳ ስሙ ሲቆፈር መጨረሻው አመድ ነው።

(ስለ አያቶቻችን ኬሚስትሪ ካነሳን፣ እንዶድንም አንርሳ። ዶክተር አክሊሉ ለማ እ.ኤ.አ. በ1964 አድዋ ላይ ሴቶች በእንዶድ ልብስ ከሚያጥቡበት ወንዝ ዝቅ ብሎ የሞቱ ቀንድ አውጣዎችን አይቶ ነው የቢልሃርዚያን አስተላላፊ በእንዶድ መግደል እንደሚቻል የደረሰበት። ወንዝ ዳር የምታጥብ ሴት ቤተ ሙከራ እንደሆነች የገባው ሰው ነበር።)

አንድ ማስጠንቀቂያ ግን አለ። እርጥብ አመድ እጅ ይበላል፤ የአክስቴ መዳፍ ለምን እንደተሰነጣጠቀ ያን ቀን ገባኝ። ጓንት አድርጉ፤ ዓይናችሁንም ጠብቁ። ከተማ ውስጥ አንዳንድ ሥጋ ቤት ፍርግርጉን በኮስቲክ ሶዳ ሲያጥብ አይቻለሁ። ሶዳው የአመዱ ታላቅ ወንድም ነው፤ ሥራው ያው ነው፣ ክፋቱ ግን ብዙ እጥፍ ነው። የግድ ከሆነ ሶዳው በትንሽ በትንሹ ወደ ቀዝቃዛ ውሃ ይጨመራል እንጂ ውሃው ሶዳው ላይ አይፈስም፤ ይፈነዳል። "ብረድስት" ብለን የምንጠራው የአሉሚኒየም ድስት ደግሞ አጠገቡ አይድረስ፤ ሶዳው ይበላዋል፣ የሚቀጣጠል ጋዝም ይወጣል። በቤንዚንና በነጭ ጋዝ የሚወለውሉም አሉ፤ ነገ እሳት ላይ ለሚወጣ ብረት! አመድና አቼቶ መቀላቀልም ዋጋ የለውም፤ አይገድልም፣ ግን ሁለቱ ተጣፍተው ያለ ጉልበት ይቀራሉ። አቼቶ ብቻውን፣ በውሃ ቀጠን ብሎ፣ ለዝገት ይሆናል፤ ለጥቂት ጊዜ ብቻ ነክሮ በደንብ ማለቅለቅ ነው።

ወደ ታሪኩ ልመለስ።

በሦስተኛው ቀን ሁለቱ ብረቶች ጥቁሩን ሲያወልቁ ሥሪታቸው ወጣ። የፍርግርጉ ገላ የአሸዋ እህል እህል ይላል። መዶሻ ፈጽሞ አልነካውም፤ ብረቱ እንደ ውሃ ቀልጦ በአሸዋ ቅርጽ ውስጥ የፈሰሰ ነው። ምጣዱ ግን ከዳር እስከ ዳር የመዶሻ ምት ነው፤ አንድ ቦታ ደግሞ ቀዳዳው በጥፍር በምታክል ብረት ተለጥፎ በሚስማር ተመትቷል።

ልዩነቱ ትልቅ ነው። ንጹሕ ብረት የሚቀልጠው 1538 ዲግሪ ላይ ነው፤ በወናፍና በከሰል የሚሠራ የኛ አገር ምድጃ እዚያ አይደርስም። ከድንጋዩ የሚወጣው ብረት ስፖንጅ የመሰለ ጓል ነው፤ ተግሎ፣ ተቀጥቅጦ፣ ቆሻሻው በመዶሻ ተገፍቶ ነው ማረሻም ማጭድም የሚሆነው። ብረት ብዙ ካርቦን ሲጠጣ ግን 1150 ዲግሪ አካባቢ ይቀልጣል። ቻይናዎች ይህን ከክርስቶስ ልደት በፊት ያውቁ ነበር፤ እንግሊዛዊው አብርሃም ዳርቢ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ1707 የብረት ድስትን በአሸዋ ቅርጽ ለማፍሰስ የፈጠራ መብት አወጣ። ቀልጦ የፈሰሰ ብረት ጠንካራ ቢመስልም ተሰባሪ ነው፤ የጋለ ፍርግርግ ላይ ቀዝቃዛ ውሃ ብትደፉ ሊሰነጠቅ ይችላል። የተቀጠቀጠው ይጣመማል እንጂ እንደዚያ አይሰበርም። የአክስቴ ምጣድ የተንጋደደው ለዚህ ነው።

ፍርግርጉ እንግዲህ በመንገድ የመጣ ነው። እ.ኤ.አ. በ1770 ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ በሊማሊሞ በኩል ወደ ጎንደር ሲያልፍ መንገዱ የበቅሎ መንገድ ነበር። ጣሊያን በወረራው ዘመን ያንን ገደል ጠምዝዞ የመኪና መንገድ አወጣበት፤ አፋፉ ላይም መሸገ። አርበኞችና የእንግሊዝ ጦር ለወራት ከበውት መስከረም 1934 ዓ.ም. እጁን ሰጠ፤ በዚያው ዓመት ኅዳር ጎንደርም ተለቀቀች። ከሰፈሩ የቀረውን ዕቃ በዙሪያው ያለ ሰው ተከፋፈለው ይላሉ አክስቴ። የወራሪ ዕቃ ነው፤ ግን ድል የተደረገ ወራሪ ዕቃ ነውና ቤት ውስጥ በክብር ተቀመጠ። በዚህ አልፈርድም።

የምጣዱ ነገር ነው የከነከነኝ። ምጣዱን የሠራው ሰው ከዚያው አገር፣ ከግማሽ ቀን መንገድ የማይርቅ ጎረቤት ነበር። ለምን "የነዚያ ሰዎች" ተባለ?

የወገራና የሰሜን ቀጥቃጮች ሁሉ ባይሆኑም ብዙዎቹ ቤተ እስራኤል ነበሩ። (ሌላው ሰው "ፈላሻ" ይላቸዋል፤ እነሱ ስድብ ነው የሚሉትን ስም።) በሰሜን ተራሮች የራሳቸው መሪዎች ነበሯቸው። ከአፄ ሠርፀ ድንግል ጀምሮ እስከ አፄ ሱስንዮስ በዘለቀው ጦርነት፣ እ.ኤ.አ. በ17ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ፣ ተሸነፉ፤ ብዙዎችም ርስት አጡ። መሬት ያጣ ሰው የቀረው እጁ ነው። ወንዶቹ ብረት ቀጠቀጡ፣ ሸማ ሠሩ፣ ጎንደር ስትቆረቆር ደግሞ ግንብ ገነቡ። ሴቶቹ ሸክላ ሠሩ። እስቲ አስቡት፤ ገበሬው የሚያርስበት ማረሻ የነሱ፣ የሚያጭድበት ማጭድ የነሱ፣ ሚስቱ እንጀራ የምትጋግርበት ምጣድ የነሱ። ማታ ደግሞ ያው ገበሬ ልጁን "እዚያ ሰፈር እንዳትሄድ፣ ቡዳ ይበላሃል" ይላል። ቀን ብረት ሲቀጠቅጥ የዋለ ሌሊት ጅብ ሆኖ ይዞራል ተባለ። ብረትን ከድንጋይ ማውጣት የቻለ ሰው ራሱንም መለወጥ ይችላል ብለው ይሆን የፈሩት? የኔ ግምት ነው።

ነገሩን ይበልጥ የሚያወሳስበው እነሱም ጎረቤቶቻቸውን ርኩስ ነው ብለው ማሰባቸው ነው። ከሌላ እምነት ሰው ጋር የተነካካ ወንዝ ወርዶ ሳይታጠብ ቤቱ አይገባም ነበር፤ ልማዱ "አትንኩኝ" ይባላል። ሰፈራቸውን ውሃ ዳር የሚመርጡትም ስለዚህ ነው። አንዱ ሌላውን ቆሻሻ ነህ እያለ፣ በአንድ ገበያ እየተገበያየ፣ በአንዱ ምጣድ ሌላው እየበላ ስንት መቶ ዓመት ኖሩ።

ከውጭ የመጣ ባለሙያ ግን ሌላ ነው። አፄ ቴዎድሮስ፣ ያው ሰሜን ውስጥ ደረስጌ ማርያም የነገሡት፣ ጋፋት ላይ የአውሮፓ ሚሲዮናውያን የእጅ ባለሙያዎችን ሰብስበው ሴባስቶፖልን አሠሩ። 7 ቶን ገደማ የሚመዝን የነሐስ መድፍ ነው፤ ዛሬም መቅደላ ላይ ተጋድሟል። ለነዚያ ባለሙያዎች ሽልማትና ክብር ነበራቸው። የአገሩ ቀጥቃጭ ማረሻውን ይዞ ገበያ ሲወጣ ግን ሰው እጁን አይጨብጠውም። አክስቴ "የጣሊያን ነው!" ሲሉ ድምፃቸው ከፍ ማለቱ እንግዲህ ከሳቸው አልጀመረም። አፄ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. የእጅ ባለሙያን በሙያው መስደብን የሚከለክል አዋጅ አወጁ። አዋጁ ሲታወጅ ስድቡ የት ድረስ እንደነበር ያሳያል፤ ዛሬም ድረስ የሰው ስም ስናጠፋ "ጥላሸት ቀባው" እንላለን፤ ውለታው የማይታወቅለትን ሰው "እጁ አመድ አፋሽ ነው" እንላለን። ሁለቱም አነጋገር ከምድጃ ዳር የተነሳ ነው። ከቀጥቃጩ በላይ ምድጃ ዳር የዋለ ማን አለ?

ከዚያ ሄዱ። ከኅዳር እስከ ታኅሣሥ 1977 ዓ.ም. በዘመቻ ሙሴ 8 ሺህ ያህል ሰዎች ከሱዳን በአውሮፕላን ወደ እስራኤል ተወሰዱ። እዚያ ለመድረስ ከጎንደር ሱዳን በእግር ነበር የሚኬደው፤ በመንገድና በሱዳን መጠለያዎች ሺዎች አልቀዋል። ግንቦት 1983 ዓ.ም. ደግሞ በዘመቻ ሰሎሞን በ36 ሰዓት ገደማ ከ14 ሺህ በላይ ሰው ከአዲስ አበባ ተጓዘ። አክስቴ ያን ጊዜ ወጣት ነበሩ። የሚያስታውሱት አንድ ነገር ነው። በዚያ ዓመት መኸር አባታቸው የደነዘ ማጭድ ይዘው ወደ ቀጥቃጩ ሰፈር ወረዱ፤ ወናፉም ሰውም የለም። ማጭዱን እንደያዙ ተመለሱ። "ሳይነግሩን ሄዱ ብለው ተቆጡ" አሉኝ አክስቴ። ትንሽ ዝም ብለው ደግሞ "ለማን ይንገሩ?" አሉ።

ዛሬ ዳባትና ደባርቅ ገበያ ላይ የሚሸጠው ምጣድና ማንደጃ ብዙው በመኪና የሚመጣ ነው፤ ከየበርሜሉና ከየአሮጌው ቆርቆሮ የተሠራ። መርካቶ ምናለሽ ተራ የሄደ ሰው መዶሻው እንዴት ጆሮ እንደሚበጥስ ያውቃል። ማን ሠራው ብሎ የሚጠይቅ ግን የለም፤ እኔም ጠይቄ አላውቅም።

ጥቁሩ የወለቀ ብረት እርቃኑን ነው፤ እንዲያው ከተተወ በአንድ ሌሊት ይዝጋል። ኢንተርኔት ላይ ፈረንጆች ስለዚህ ጉዳይ መጽሐፍ የሚያህል ይጽፋሉ፤ ዘይት ቀቡት፣ እሳት ላይ አቆዩት፣ ድገሙት። እኛ አንድ ቃል አለን፤ ማሟሸት። አክስቴ ምጣዱን አለቅልቀው ወዲያው ደጅ እሳት ላይ ጣዱት፤ እርጥበቱ ጠፋ። የተወቀጠ ጎመን ዘር በጨርቅ ቋጥረው ስስ አድርገው አሰሱት። ጢሱ ወጣ፣ አለቀ። እንደገና አሰሱት። አራት አምስት ጊዜ። ዘይቱ በሙቀት ተጋግሮ ከብረቱ ጋር ይጣበቅና ጥቁር አንጸባራቂ ቆዳ ይሆናል፤ ተልባም እንዲሁ ያደርጋል። ወፍራም ከሆነ ግን ይሙለጨለጫል፣ ይላጣል። ቀጣዩን ጊዜ ሲቆሽሽ በሽቦ መፋቅ አያስፈልግም። የሽቦ ብሩሽ ደግሞ ፍርግርግ ላይ ጥሩ አይደለም፤ ከብሩሹ የተነቀለ ቀጭን ሽቦ ከሥጋው ጋር ተውጦ ሆስፒታል ያስገባቸው ሰዎች አሉ። ይህን ሁሉ ስታደርጉ ደጅ ሁኑ። በተለይ ደባርቅ ሄዳችሁ በብርዱ ምክንያት የከሰል ማንደጃ ይዛችሁ ክፍል ውስጥ እንዳትዘጉ፤ የዚያ ጋዝ እንደኔው በረኪና ሽታ የለውም፣ ሳያስነጥስ ነው የሚወስደው።

ማታ ጎረቤቶች ቡና ሊጠጡ መጡ። አክስቴ ምጣዱን ጥደው ቡናውን መቁላት ጀመሩ። አንዷ ጎረቤት "ደግ ምጣድ ገዛችሁ፣ ከወዴት ነው?" አለች።

"አልተገዛም፣ የድሮው ነው" አሉ አክስቴ። መቁያውን እያማሰሉ የሰውየውን ስም ጠሩ፤ የአባቱንም ጨምረው። ከዚያች ቀን በፊት ሰምቼው የማላውቀው ስም። ስሙን እዚህ አልጽፈውም፤ ልጆቹ እስራኤል አገር ናቸው ይባላል፣ አላስፈቀድኳቸውም።

ፍርግርጉ ግማሹ ገና አልጸዳም። ለፋሲካ እሄዳለሁ፤ አመዱን ነፍተው እንዲያስቀምጡልኝ ደውዬ ነግሬያቸዋለሁ።